«መንታ ዳኛ» የከዋክብትን ጠብ ሊዳኝ ይገባልን?

አወያይ፦ ባለፈው እሑድ ጅማ ፈረንጅ አራዳ ቡና እየጠጣን የጀመርነውን ክርክር በጽሑፍ እንድንቀጥለው በተስማማነው መሠረት ጥያቄውን ላስቀምጥ። ነገሩ ልብ ወለድ ነው። ሰዎች ከፀሐይ 12 የብርሃን ዓመት ገደማ በምትርቀው ታው ሴቲ በተባለች ኮከብ ዙሪያ ሰፍረዋል። ከምድር ጋር ሲጣሉ የሚዳኛቸው «መንታ ዳኛ» የተባለ መሣሪያ ሲሆን፣ አንዱ ቅጂ እዚህ፣ ሌላው እዚያ ተቀምጦ ያው ማስረጃ ሲቀርብላቸው ሳይጠያየቁ ያንኑ ፍርድ ይሰጣሉ። ለምሳሌነት የመረጥነው ክስ የቡና ነው፦ ሰፋሪዎቹ ከጅማ ግብርና ምርምር ማዕከል የወጣውን 74110 የተባለ ዝርያ ይዘው ሄደው አዲስ ዝርያ አዳቅለዋል፤ ምድርም ድርሻዬን ትላለች። ይህን ክስ ለመሣሪያው መስጠት ይገባልን?

የፊዚክስ መምህር፦ ይገባል፤ ምክንያቴም ስሌት ነው። ከብርሃን የሚፈጥን መልእክት የለም። እሑድ ዕለት የተነሣው የኳንተም ጥልፍልፍም (የተራራቁ ሁለት ቅንጣቶች ትስስር) አያድነንም፤ የቅንጣቶቹ ውጤት እርስ በርሱ ቢዛመድም በእነርሱ መልእክት መላክ አይቻልምና። ችሎቱ ምድር ላይ ብቻ ቢሆን ክሱ ለመሄድ 12፣ መልሱ ለመምጣት 12፣ ፍርዱ ለመሄድ ሌላ 12 ዓመት ስለሚፈጅ ሰፋሪዎቹ ዕጣቸውን የሚያውቁት በ36ኛው ዓመት ነው። በመንታ ዳኛ ግን መልሳቸውን ባቀረቡበት በ12ኛው ዓመት እዚያው ይፈረድላቸዋል ወይም ይፈረድባቸዋል፤ የእኛ ቅጂም መልሱ በ24ኛው ዓመት ሲደርሰው ያንኑ ይፈርዳል። ለእኛ ምንም አይቀነስም፤ ለእነርሱ ግን 24 ዓመት ይተርፋል።

ጠበቃ፦ መምህር፣ ስሌትዎ ትክክል ነው፤ የሚያሰጋኝም እርሱ ነው። በዚህ አካሄድ ምድር የመልስ መልስ የማቅረብ መብቷን ታጣለች፤ ያንን መብት ከመለስንላት ደግሞ የተረፈው 24 ዓመት ተመልሶ ይበላል። ከዚህም በላይ ፍርድን የሚያዘገየው የብርሃን ፍጥነት ብቻ አይደለም። የኢትዮጵያና የኤርትራ የድንበር ኮሚሽን በአልጀርሱ ስምምነት ተቋቁሞ ውሳኔውን ከሄግ የሰጠው በሚያዝያ 1994 ዓ.ም. ሲሆን፣ ሁለቱም መንግሥታት ውሳኔው የመጨረሻና አስገዳጅ እንዲሆን አስቀድመው ፈርመው ነበር። የእኛ መንግሥት ሙሉ በሙሉ እቀበላለሁ ያለው ግን በ2010 ዓ.ም. ነው። ውሳኔው በተሰጠበት ቀን ከምድር የተነሣ ብርሃን ታው ሴቲ በደረሰበት ጊዜ ያ ፍርድ ባድመ ለመድረስ ገና አራት ዓመት ይቀረው ነበር።

ጡረተኛ የታሪክ መምህር፦ ልጄ ጠበቃዋ እውነት ተናገረች፤ እኔ ደግሞ ስለ ቃል ልጨምር። በ1881 ዓ.ም. የተፈረመው የውጫሌ ውል በ17ኛው አንቀጹ አማርኛው «ይቻላቸዋል» ሲል ጣሊያንኛው ግዴታ አደረገው፤ ጠቡም ያከተመው በ1888 ዓ.ም. ዓድዋ ላይ ነው። ያ ውል የተፈረመው በአንድ ስፍራ፣ በአንድ ቀን ነበር። 12 የብርሃን ዓመት ተራርቀው የሚኖሩ ሰዎች «ባለቤት» የሚለውን ቃል ከሁለት ትውልድ በኋላ እንዴት ይረዱታል? 74110 የተመረጠው የቡና ፍሬን የሚያደርቀው በሽታ በ1963 ዓ.ም. አገራችን ከታየ በኋላ፣ በሽታውን እንዲቋቋም ታስቦ ነው፤ የእናት ዛፉ የተገኘው ግን ኢሉባቦር ነው። እኛ ጅማዎች «የእኛ» ማለት የምንወደውን ያህል ኢሉባቦሮችም ይላሉ። ይህን ለመሣሪያው ማን ይነግረዋል? በጃርሱማ፣ ማለትም በኦሮሞ የሽምግልና ሥርዓት፣ ሽማግሌዎች የሚያዩት የነገሩን ፍሬ ብቻ አይደለም፤ ያኮረፈውን ሰው ፊትም ያያሉ፣ ጠበኞቹ ነገ በአንድ ገበያ ይገናኛሉና።

የሶፍትዌር ተማሪ፦ ጋሼ፣ የውጫሌው ችግር እዚህ የሚነሣ አይመስለኝም፤ ሁለቱ ቅጂዎች አንድ ቋንቋ፣ አንድ ትርጉም ይዘው ነው የተነሡት። በአንድ ገበያ ስለ መገናኘት ያሉት ደግሞ ለእኔ ይጠቅመኛል፤ እነዚህ ጠበኞች መቼም አይገናኙምና። እኔን የሚያሳስበኝ ቅጂው እንዳልተነካ ማረጋገጡ ነው። የዚያኛው ቅጂ ዲጂታል አሻራ (ቅጂው ጥቂት ቢለወጥ አብሮ የሚለወጥ መለያ ቁጥር) በየዓመቱ ቢላክልን እንኳ ዛሬ የምናየው ከ12 ዓመት በፊት የነበረውን ነው። ትናንት ቢለወጥ የምናውቀው እኔ ልጅ አሳድጌ ካስመረቅሁ በኋላ ይሆናል።

የፊዚክስ መምህር፦ ከተለወጠ ፍርዶቹ ስለማይገጥሙ ማጭበርበሩ በ24ኛው ዓመት ይገለጣል።

ጠበቃ፦ ይገለጣል፤ ቡናው ግን እስከዚያ 12 ዓመት ተሽጦ ያልቃል። ስለዚህ አቋሜን ላጥብብ። መሣሪያውን አልቃወምም፤ የምቃወመው የመጨረሻ ፍርድ መስጠቱን ነው። ሥልጣኑ በጊዜያዊ እግድ ይወሰን። እግድ በአንድ ወገን አቤቱታም ሊሰጥ የሚችል፣ የተሳሳተም እንደ ሆነ የሚነሣ ትእዛዝ በመሆኑ የሌላውን ወገን ክርክር ዓመታት መጠበቅ አይኖርበትም። ዋናውን ክርክር ሰዎች ይዩት፤ 60 ዓመት ቢፈጅም ይፍጅ።

ጡረተኛ የታሪክ መምህር፦ እግድ ከሆነ እስማማለሁ፤ ነገር ግን ሰፋሪዎቹ በእኛ ክስ ምክንያት ቡና ሳይተክሉ 60 ዓመት ይቀመጡ ማለት ግፍ ነው። ክሱን ያነሡት ሰዎች እንኳ ያኔ በሕይወት አይኖሩም።

ጠበቃ፦ እንዲተክሉም እንዲጠጡም አይከለከሉም። የሚታገደው ዘሩን ለሦስተኛ ወገን መሸጥ ነው፤ ከምርቱ ገቢም አከራካሪው ድርሻ ብቻ በዚያኛው ቅጂ እጅ በአደራ ይቀመጥ።

አወያይ፦ «አከራካሪው ድርሻ» ስንት እንደ ሆነ የሚወስነው ያው መሣሪያ ከሆነ የመጨረሻውን ፍርድ በጓሮ በር አስገባነው ማለት ነው። ጠበቃዋ በዚህ ላይ መልስ ይስጡን።