በሽሎ ላይ የጀልባ ጀብዱ ፊልም ለመቅረጽ፦ እርዱን!

የአራዳው (ደሴ)፦ ሰላም ወገን! እኛ ደሴ ያለን አነስተኛ የፊልም ክበብ ነን። ማንም ባላየው ገደላማ ሸለቆ ውስጥ በጀልባ ስለሚወርዱ አሳሾች አጭር ፊልም ልንሠራ ነው። ቦታው በሽሎ ወንዝ ይሁን ብለናል። ካሜራ አንድ አለን፣ ብር ግን የለንም ማለት ይቀላል። መቼ እንውረድ? ጀልባው ሲገለበጥ የሚታይበትን ትዕይንት ሰው ሳይጎዳ እንዴት እንቅረጸው? ስክሪፕቱም መሀል ላይ ቆሟል፤ ማዕበል፣ ከዚያ ደግሞ ሌላ ማዕበል ብቻ ሆነብን።

ቆለኛው፦ በክረምት እንዳታስቡት። ሐምሌና ነሐሴ በሽሎ ግንድ እያንከባለለ ነው የሚወርደው። ከኅዳር እስከ ጥር ጥሩ ነው፤ ውሃው ይጎድላል፣ ድንጋዩ ይወጣል። መጋቢት ይሻላል የሚላችሁ ካለ ወሎን አያውቅም፣ በልግ አለብና! እናንተ ታች ፀሐይ እየጠበሳችሁ ላይ ደጋው ዘንቦ ደራሽ ሊመጣባችሁ ይችላል። ውሃው ድንገት ከደፈረሰና ጭራሮ ማምጣት ከጀመረ ዕቃ ልሰብስብ ሳትሉ ወደ ላይ ነው። አሸዋው ላይ አትደሩ። ወባ ስላለ አጎበር ያዙ። ከሁሉ በፊት ደግሞ የመንገዱን ሰላም ጠይቁ፣ ቀበሌና ወረዳም ደብዳቤ አስገቡ። ድሮን ካላችሁ የራሱ ፈቃድ ያስፈልገዋል።

ሌንስ፦ ጀልባውን በሽሎ ላይ ለምን ታስገቡታላችሁ? በሽሎ ላይ ሰው የሌለበትን ብቻ ቅረጹ፤ ገደሉን፣ አረፋውን፣ ድንጋይ ላይ የሚሰበረውን ውሃ። ሰዎቹን ሐይቅ ወስዳችሁ ዳር ላይ፣ ወገብ በማይደርስ ውሃ ቅረጿቸው። ካሜራው ከላይ ወደ ታች ይይ፣ የሐይቁ ዳርቻ እንዳይገባባችሁ። ሁለት ልጅ ጀልባውን ይነቅንቅ፣ ሁለቱ በባልዲ ውሃ ይርጩ። ፊት፣ መቅዘፊያ የጨበጠ እጅ፣ ውሃ። ስትቆርጡት አንድ ቦታ ይሆናል። ብርሃኑን ግን ተጠንቀቁ፦ ጥልቅ ሸለቆ ውስጥ ፀሐይ በደንብ የምትገባው እኩለ ቀን አካባቢ ስለሆነ ሐይቅንም በዚያው ሰዓት ቅረጹት፣ አለዚያ ጥላው ያጋልጣችኋል። ንግግሩን ደግሞ በኋላ ቤት ውስጥ ቅዱት፤ የወንዝ ጩኸት ማይክ አያስሰማም።

እህታችሁ፦ ሌንስ ያለው ይሁን፤ ጥልቀት የሌለው ውሃም ቢሆን ላይፍ ጃኬት ይልበሱ። ለጥንቃቄ ብላችሁ ሰው ወገብ ላይ ገመድ እንዳታስሩ። በሚሮጥ ውሃ ገመዱ ድንጋይ ከያዘው ሰውየውን ውሃው ሥር ይዞት ይቀራል። ወንዝ ውስጥ የወደቀ ሰው በጀርባው ተንጋሎ፣ እግሩን ውሃው ወደሚወርድበት አድርጎ ይንሳፈፍ። ለመቆም አይሞክር፣ እግሩ ድንጋይ መሀል ይሰነቀራል።

አንባቢው፦ ስክሪፕቱን የገደለው ማዕበሉ መብዛቱ ነው። በፈረንጆች 1869 ጆን ዌስሊ ፓወል የሚባል አንድ እጁን በጦርነት ያጣ ሻለቃ የአሜሪካውን ኮሎራዶ ወንዝ ሲወርድ ራሱን ጨምሮ አሥር ሰው ሆነው በአራት ጀልባ ተነሡ። አንዷ ጀልባ ገና በመጀመሪያው ወር ከነስንቋ ተሰባበረች። አንዱ ሰውዬ በቃኝ ብሎ ሄደ። ወደ መጨረሻው፣ ዱቄቱ ሊያልቅ ሲል፣ ሦስቱ ውሃው ድንጋይ ላይ እየተሰባበረ የሚወርድበትን አንድ አስፈሪ ቦታ አይተው በእግር ገደሉን ወጡ፤ ከዚያ በሕይወት አልተመለሱም። የቀሩት ስድስቱ ግን ውሃውን አልፈው በማግስቱ ከሸለቆው ወጡ። እንግዲህ ትዕይንቱ ያ ነው! ማታ እሳት ዳር፣ የቀረችውን ዱቄት እያዩ፣ ማን ይወርዳል ማን ይወጣል እያሉ ሲከራከሩ። ይሄ ባልዲም አይፈልግ። የአባይን ከፈለጋችሁ ደግሞ በፈረንጆች 1968 ብላሽፎርድ ስኔል የመራው የእንግሊዝ ጦር ጉዞ አለ፤ አንድ አባል የሞተው ገባር ወንዝ ሲሻገር ነው።

የአራዳው (ደሴ)፦ እግዜር ይስጥልን! ክርክሩ ይገባል፣ ሁለቱን ማዕበል ሰረዝናቸው። ቆለኛው፣ ዕቃ የምትጭን አህያ ታች ይገኛል?

ቆለኛው፦ ታች አትጠብቁ። ከላይ ተከራይታችሁ ውረዱ፣ ሲመሽ ሳይሆን በጠዋት። ባለ አህያውንም አብራችሁ ውሰዱት፤ መሻገሪያውን ከእናንተ ይልቅ እሱ ያውቀዋል።