ዲሴምበር ላይ ኮፐንሃገን ውስጥ አጭር ፊልም በ4 ሰው

ጥያቄ (አዲስ ቀራጭ)
ሰላም። የ11 ገጽ ስክሪፕት ይዘን በዲሴምበር አጋማሽ ኮፐንሃገን ውስጥ ልንቀርጽ ነው። ዳይሬክተር፣ ካሜራ፣ ድምፅና አንድ ረዳት ነን። ግማሹ ውጭ ነው፣ መብራት የለንም ማለት ይቻላል። በ3 ቀን ያልቃል?

መልስ (ሌንሱ)
የቤት ውስጡ ያልቃል፤ የሚያሠጋው ውጭው ነው። በዚያ ወቅት የቀን ብርሃን 7 ሰዓት ያህል ብቻ ነው፣ በእኩለ ቀን እንኳ ፀሐይዋ ከአድማስ 11 ዲግሪ ገደማ አትዘልም። ጠባብ መንገድ ውስጥ ከሆናችሁ ጨርሶ አታገኟትም። ፀሐይ የሚፈልግ ትዕይንት ካለ አማገር የባሕር ዳርቻን የመሰለ ሜዳ ቦታ ውሰዱት። ፀሐይ ዝቅ ስላለች አንዱ ተዋናይ ፊቱ ሲበራ ሌላው ከጀርባው ይበራል፤ ስለዚህ ሰፊውን ሾትና የአንዱን ተዋናይ ወገን በተከታታይ ጨርሱ፣ ደመና ሲመጣ አይገጥምላችሁም። ከጠለቀች በኋላ ያለው ሰማያዊ ብርሃን 40 ደቂቃ ያህል ይቆያል፤ አንድ ትዕይንት ብቻ መድቡለት፣ ልምምዱም ቀድሞ ያልቅ። በቀን ከ2 ቦታ በላይ አትዙሩ፣ አንድ ዝውውር በቀላሉ አንድ ሰዓት ይበላል።

ካሜራውን በእጅ ይዞ መቅረጽ ይቻላል፤ ትሪፖድ ወይም ገመድ መንገድ ላይ ቦታ ከያዘ ግን ቀድማችሁ ኮሙዩኑን (የከተማውን አስተዳደር) ጠይቁ። የብስክሌት መንገድ ላይ ደግሞ በምንም ምክንያት አትቁሙ።

መልስ (50 ኸርዝ)
ውስጥ ስትቀርጹ የዴንማርክ መብራት 50 ኸርዝ ነው (ኤሌክትሪኩ በሰከንድ 50 ዑደት ያደርጋል)። በሰከንድ 25 ፍሬም (ምስል) ስትቀርጹ 180 ዲግሪ ሹተር፣ ማለትም ፍሬሙ በግማሽ ጊዜው ብርሃን ሲቀበል፣ 1/50 ሰከንድ ይሰጣል፣ ችግር የለውም። በ24 ፍሬም ግን 180 ዲግሪ 1/48 ይሆንና አንዳንድ መብራት ይርገበገባል፤ ወደ 172.8 ዲግሪ ዝቅ አድርጉት፣ ወደ 1/50 ይመለሳል። ርካሽ ኤልኢዲ በዚህም ላይታረም ይችላል፣ ከዋናው ቀን በፊት ፈትኑ።

መልስ (ቡም ያዥ)
ውጭ ነፋስ ሲኖር ስፖንጅ ብቻ አይበቃም፣ ማይኩ ጸጉራም መከላከያ ይልበስ። ዶግማ 95 (የዴንማርክ ዳይሬክተሮች በ1995 ያወጡት የፊልም ደንብ) ድምፅ ከምስሉ ተለይቶ አይሠራ ይላል፤ እናንተ አትስሙት! በየቦታው 1 ደቂቃ ባዶ ድምፅ (ማንም ሳይናገር የቦታውን ድምፅ) እና የተበላሹትን ንግግሮች ለብቻ ቅዱ።

አዲስ ቀራጭ
ብርዱ ካሜራውን ይጎዳል?

ሌንሱ
ባትሪ ቶሎ ይደክማል፣ ትርፉን የውስጥ ኪስ ውስጥ ያዙ። የሚያደክመው ወደ ሙቅ ክፍል መግባቱ ነው፤ ሌንሱ ላይ እርጥበት ይቋጥራል። ከውጭ ሳላችሁ ካሜራውን በሚዘጋ ፕላስቲክ ከታችሁ ግቡ፣ እስኪሞቅ አትክፈቱት።