ሸክላ ማጫወቻዬ እየተጎተተ ነው፣ ነገ ጠዋት ማቅረብ አለብኝ፣ ድረሱልኝ!!

ተማሪዋ፦ ሰላም ለሁላችሁ፣ ነገ ጠዋት 3 ሰዓት ክላስ ላይ ስለ ጃፓናዊው ቶሞሮዎ ታጉቺ አቀርባለሁ፣ ሮክ ባንዱን ትቶ አክተር ስለሆነው ሰውዬ፣ እና ከባንዱ ከባቺካቡሪ ሸክላ 30 ሴኮንድ ቀድቼ ማሰማት አለብኝ። ግን ድምፁ ወፍሮ ይጎተታል። መጀመሪያ ምንም አልጠረጠርኩም፣ ኤንኤችኬ በሚባለው የጃፓን ቴሌቪዥን ፕሮጀክት ኤክስ የሚባለውን ዶክመንተሪ ሲተርክ ድምፁ ወፍራም ስለሆነ በቃ እሱ ነው አልኩ፣ በኋላ ጊታሩም ከበሮውም አብረው ሲያዘግሙ ነው የነቃሁት። የማጫወቻውን ፍጥነት ከ33 ወደ 45 ሳደርገው ደግሞ ይሮጣል። ሸክላው ነው የተበላሸው? እዚህ ቶኪዮ ካትሱሺካ አካባቢ የሚያውቅ ሰው ካለ እባካችሁ

ናስትሮ፦ የሞተሩ ዘንግ ላይ ናስትሮ ጠቅልይበት፣ ሲወፍር ይፈጥናል። አለቀ።

የፊልም ሰው፦ እህቴ ማጫወቻው ይቆይና "ባንዱን ትቶ" የሚለውን አውጪው፣ ስህተት ነው። ባቺካቡሪ ናጎሙ በሚባለው ትንሽ ሌብል ሸክላ ሲያወጣ በነበረበት በዚያው በፈረንጆቹ 80ዎቹ ታጉቺ ከዳይሬክተሩ ሺንያ ጹካሞቶ ጋር ፊልም ይሰራ ነበር፣ በ1987 በ8 ሚሊሜትር የተቀረፀው ዴንቹ ኮዞ የሚባለው ፊልም ላይ አለ። ከዚያ በ1989 ቴጹዎ የሚባለው የጹካሞቶ ፊልም መጣ፣ 67 ደቂቃ፣ ጥቁርና ነጭ። ታጉቺ የሚጫወተው ሰውዬ ጢሙን ሲላጭ ጉንጩ ላይ የወጣች ሹል ብረት ያያል፣ ሲነካት ደሙ ፊጭ ይላል፣ ቀስ በቀስ ሁለመናው ብረት ይሆናል። እዚያ ላይ የሚጮኸውን ጩኸት ድራማ ትምህርት ቤት አያስተምሩም፣ መድረክ ላይ ማይክ ይዞ የጮኸ ሰው ጉሮሮ ነው ብዬ አምናለሁ። በ2003 ደግሞ ራሱ ዳይሬክተር ሆኖ አይደን ኤንድ ቲቲን ሰራ፣ ስለ ሮክ ባንድ ነው፣ ዋናውን ገፀ ባህሪ የሰጠውም ለሮክ ዘፋኝ ለካዙኖቡ ሚኔታ ነው። ሙዚቃን የተወ ሰው እንዲህ ያደርጋል?

ተማሪዋ፦ እሺ ጋሼ አስተካክላለሁ አመሰግናለሁ፣ ግን ማጫወቻው!! 11 ሰዓት ነው የቀረኝ

ናስትሮ፦ ናስትሮ አልኩሽ እኮ

ሰፈርተኛ፦ ኧረ እንደዚሁ አሰሚያቸው፣ ብረት ሊሆን ሲል የቀዳው ነው በያቸው 😂

መብራት ሰራተኛው፦ ማጫወቻውን ከየት ነው ያመጣሽው?

ተማሪዋ፦ ጓደኛዬ ከኦሳካ በፖስታ ላከችልኝ፣ ትናንት ደረሰ። ሶኬቱ አንድ ነው፣ 100 ቮልት ነው፣ ይሰራል

መብራት ሰራተኛው፦ ይኸው ተገኘ፣ ይህን መጀመሪያ ብትነግሪን። ቮልቱ አንድ ነው፣ ሄርዙ ነው የሚለየው፣ መብራቱ በሴኮንድ ስንቴ እንደሚመላለስ ማለት ነው። ቶኪዮ 50 ነው ኦሳካ 60፣ በ1890ዎቹ ቶኪዮ ጄነሬተር ከጀርመን ኦሳካ ከአሜሪካ ገዝተው ይኸው እስከዛሬ አልተዋሃዱም። የድሮ በቺንጋ የሚዞር ማጫወቻ ሞተሩ ሄርዙን ተከትሎ ነው የሚዞረው፣ ስለዚህ በደቂቃ 33 ዙር የሚለው አንቺ ጋ ወደ 28 ይወርዳል፣ 45ቱ ደግሞ 37 ከግማሽ ይሆናል፣ ከ33 ስለሚበልጥ ነው የሮጠብሽ። እርግጠኛ ለመሆን ሳህኑ ጠርዝ ላይ ትንሽ ፕላስተር ለጥፊና በአንድ ደቂቃ ስንቴ እንደሚዞር ቁጠሪ። ናስትሮ ያልከው ወንድሜ፣ ፑሊው (ዘንጉ ላይ ቺንጋውን የሚያዞረው) 20 ፐርሰንት መወፈር አለበት፣ በናስትሮ እኩል አይጠቀለልም፣ ድምፁ ይዋዥቃል። ትክክለኛው የ50 ሄርዝ ፑሊ መቀየር ነው፣ አንዳንዶቹ ድሮ ሁለቱንም ይዘው ነበር የሚሸጡት፣ ጓደኛሽን ካርቶኑ ውስጥ ትይ በያት። ለዛሬ ማታ ግን እንዳለ 33 ላይ ቅጂውና ኦዳሲቲ በሚባለው የድምፅ ማስተካከያ ፕሮግራም ላይ ስፒዱን 1.2 አድርጊው። ቴምፖ የሚለውን እንዳትነኪ፣ እሱ ፍጥነቱን ብቻ ነው የሚቀይረው፣ ድምፁ እንደወፈረ ይቀራል።

ተማሪዋ፦ 28!!!! ሁለቴ ቆጠርኩ 28 ነው። ሸክላው ደህና ነው ማለት ነው፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ አሁን ልቀዳ ነው

ናስትሮ፦ እኔ ጋ ለሁለት ዓመት ሰርቷል ብቻ

የፊልም ሰው፦ ሲስተካከልልሽ ከፕሮጀክት ኤክስ ትረካውም ትንሽ ቁረጪና አስከትለሽ አሰሚያቸው። ያ የሚጮኸው ልጅና ያ ረጋ ብሎ የሚተርከው አንድ ሰው መሆኑን በጆሯቸው ይስሙት።

ሰፈርተኛ፦ እንዴት ሆነልሽ? አቀረብሽ?