የ22 ቀኑ ፖፕ ካርዲናል ሳለ ምን ሠራ?

ወለተ ጽዮን፦
ሰላም ለሁላችሁ። ሮም ውስጥ አንዲት የ88 ዓመት እናት ነው የምንከባከበው። ማታ ማታ የጥንቱን ጣሊያናዊ የዜማ ደራሲ የፓለስትሪናን «የፖፕ ማርቼሎ ቅዳሴ» ካልሰሙ እንቅልፍ አይወስዳቸውም። «ማርቼሎ ማን ናቸው?» ብላቸው፣ «የሞንቴፑልቻኖ ሰው ነው፣ የአገሬ ልጅ። በተመረጠ በ22 ቀኑ ሞተ። እናንተ ሐበሾችማ ከእኔ በላይ ልታውቁት ይገባል፤ መጽሐፋችሁን ያሳተመ ነው» አሉኝ። አፈርኩ። ኧረ የምታውቁ ንገሩኝ፣ እውነት ነው?

ፊደል ለቃሚው፦
እህቴ፣ እውነታቸውን ነው። እኔ ዕድሜዬን ማተሚያ ቤት የእርሳስ ፊደል ስለቅም ኖሬ ጡረታ የወጣሁ ነኝና የእኚህ ሰው ነገር ከልቤ ነው።

ማርቼሎ ቸርቪኒ ይባላሉ። የተወለዱት በ1501 ሞንቴፋኖ ነው (ዓመቱንም ቀኑንም በፈረንጅ ነው የምጽፍልሽ)፤ የዘራቸው አገር ግን ሞንቴፑልቻኖ። ሲየና ተምረው ሮም ገቡ። ፖፕ ጳውሎስ 3ኛ የልጅ ልጃቸውን፣ ወጣቱን ካርዲናል ፋርኔዜን እንዲያስተምሩና ጸሐፊው እንዲሆኑ ሾሟቸው። በ1539 ራሳቸው ካርዲናል ሆኑ፤ በ1545 የትሬንቶ ጉባኤ፣ ያ ትልቁ የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ጉባኤ፣ ሲከፈት ከሦስቱ የፖፑ እንደራሴዎች አንዱ ነበሩ።

ለእኔ ግን ትልቁ ሥራቸው የመጽሐፉ ነው። የግሪክ መጻሕፍት ሮም ላይ እንዲታተሙ ከአታሚው ከአንቶኒዮ ብላዶ ጋር ሠርተዋል፤ ከ1548 ጀምሮም የቫቲካንን ቤተ መጻሕፍት በበላይነት ይዘዋል። በዚያው ጊዜ ከቅዱስ ጴጥሮስ ባዚሊካ ጀርባ፣ የሐበሾች እስጢፋኖስ በሚባለው ቤተ ክርስቲያን፣ የደብረ ሊባኖሱ መነኩሴ አባ ተስፋ ጽዮን ነበሩ። በኢየሩሳሌም በኩል ነው የመጡት። አገራቸው በግራኝ ጦርነት ገዳማቱ ከነመጻሕፍታቸው ሲቃጠሉ፣ እሳቸው ሮም ተቀምጠው ሐዲስ ኪዳንን በግዕዝ ለማተም ተነሡ። ቸርቪኒ ደገፏቸው፤ የቤታቸው ሰው ጓልቲዬሪም አብሮ ደከመ። በ1548 እና በ1549 መጽሐፉ ወጣ። ከዚያ በፊት በግዕዝ የታተመ ትልቅ ነገር ቢኖር በ1513 እዚያው ሮም የወጣው መዝሙረ ዳዊት ነው።

አባ ተስፋ ጽዮን በመጽሐፉ ስለ ስሕተቱ አንባቢን ይቅርታ ይጠይቃሉ። አታሚዎቹ ማንበብ አያውቁም፣ እኛም ማተም አናውቅም፤ ዕውር ዕውርን እንደሚረዳ ተረዳዳን ነው የሚሉት። ይህን ያነበብኩ ቀን አለቀስኩ። ጀማሪ ሳለሁ የማላውቀውን ፈረንሳይኛ በአንድ ገጽ ለቅሜ አውቃለሁ፤ እያንዳንዱ ፊደል ሥዕል ነው የሚሆንብሽ። የእርሳስ ፊደል ደግሞ ተገልብጦ ነው የሚታይ። ለምዶ እንኳ «ጸ»ን ከ«ጰ» የሚያምታታ አለ፤ ፊደሉን አይተው የማያውቁት እነዚያ መጽሐፉን ያተሙት የዶሪኮ ወንድማማቾች እንዴት እንደጨረሱት ይገርመኛል።

መምህር ሆይ፦
ጋሼ፣ ሥራውን አልነቅፍም። ግን ካርዲናሉ ይህን ያደረጉት ቤተ ክርስቲያናችንን ወደ ሮም ለመሳብ አይደለም? የኢንኩዊዚሽን፣ የመናፍቃን ፍርድ ቤቱ፣ አባልም ነበሩ እኮ።

ፊደል ለቃሚው፦
ልክ ነህ ልጄ፣ አልሸሽገውም። ሮም ሐበሻን ወደ ራሷ ለማምጣት ትፈልግ ነበር፤ ቸርቪኒም የዚያው ሰው ናቸው። ኢንኩዊዚሽን በ1553 የአይሁድን የሕግና የትርጓሜ መጽሐፍ ታልሙድን ሮም ካምፖ ዴ ፊዮሪ አደባባይ ላይ አቃጥሏል፤ ይህ ያመኛል። ሆኖም የእኛ መነኩሴ የሰው መሣሪያ ብቻ አልነበሩም። መጽሐፉን የፈለጉት ለወገናቸው ነው። የግብረ ሐዋርያት ቅጂያቸው ጎደሎ ሆኖ ሲገኝ፣ የጎደለውን ከላቲንና ከግሪክ ወደ ግዕዝ መለሱት። ማሪያኖ ቪቶሪ የተባለው ጣሊያናዊ በ1552 የግዕዝ ሰዋስው ያሳተመውም ከእሳቸው ተምሮ ነው።

ወለተ ጽዮን፦
ጋሼ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። የቅዳሴው ዜማስ ለምን በስማቸው ተሰየመ?

ፊደል ለቃሚው፦
ቸርቪኒ ሚያዝያ 9 ቀን 1555 ፖፕ ሆነው ተመረጡ፣ የክርስትና ስማቸውን ሳይለውጡ ማርቼሎ 2ኛ ተባሉ። ለበዓለ ሢመታቸው የሚወጣውን ወጪ ቀነሱ፣ ዘመዶቻቸውን ወደ ሮም እንዳይመጡ ከለከሉ። በዕለተ ስቅለት ደግሞ መዘምራኑን ጠርተው፣ ዜማው ለቀኑ የሚገባ ይሁን፣ ቃሉም በግልጽ ይሰማ ብለው አዘዟቸው። ግንቦት 1 አረፉ። ፓለስትሪና በኋላ ያንን ቅዳሴ በስማቸው ሰየመው። ዛሬ ማታ ስትሰሚው ቃሉን አንድ በአንድ ለመለየት ሞክሪ።

ወለተ ጽዮን፦
ትናንት ማታ አልጋቸው አጠገብ ቁጭ ብዬ ሰማሁት። ላቲኑ አይገባኝም። የመጀመሪያው ቃል ግን በሰሙነ ሕማማት እየሰገድኩ ያደግኩበት «ኪርያላይሶን» ነው! ለእሳቸው ብነግራቸው እጄን ያዙና እንደገና አስከፈቱኝ።