የምክር ቤት አባል ድምፅ የማን ነው? የመራጩ፣ የፓርቲው ወይስ የራሱ?

አወያይ፦
ሰላም ለሁላችሁም። የዛሬው ጥያቄ ብዙ ጊዜ በጎን ሲነሳ የቆየ ነው፤ ዛሬ ራሱን ችሎ ይቅረብ። አንድ የምክር ቤት አባል ፊት ረቂቅ አዋጅ ቀርቧል። የመረጠው ሕዝብ «ውድቅ አድርገው» ይለዋል። ፓርቲው «እንዳለ አጽድቀው» ብሎታል። እሱ ራሱ ረቂቁን ሲያነብ፣ ሐሳቡ ጥሩ ቢሆንም ሁለት አንቀጾች ካልተስተካከሉ ጉዳት እንደሚያመጡ ገብቶታል። እጁን ሲያወጣ ማንን ይስማ? ምክንያታችሁን አስቀምጡ። ሐሳብ ይሞገታል እንጂ ሰው አይሰደብም።

መራጯ፦
የእኔ መልስ አጭር ነው። የመረጠውን ሕዝብ ይስማ። ድምፄን የሰጠሁት እንዲወክለኝ ነው። እኔ አይሆንም እያልኩ እሱ ይሁን ካለ ማንን ወከለ? ምርጫ ሲደርስ ደጃችን ድረስ መጥቶ «እናንተ ያላችሁት ይሆናል» ይላል። ካሸነፈ በኋላ «እኔ አውቅላችኋለሁ» ማለት ንቀት ነው።

የሕግ ሰው፦
እህቴ፣ ቁጣሽ ይገባኛል። ግን ይህ ክርክር ዛሬ የተጀመረ አይደለም። በ1774 (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጠቅሰው) ፖለቲከኛው ኤድመንድ በርክ ከእንግሊዟ ብሪስቶል ለፓርላማ ሲመረጥ ለመራጮቹ በግልጽ ነገራቸው። ተወካይ ለመራጩ ትጋቱን ብቻ ሳይሆን ፍርዱንም ይሰጣል፤ ፍርዱን ትቶ የመራጩን አስተያየት ብቻ ከተከተለ ከዳው እንጂ አላገለገለውም አላቸው። ነገሩ ከባድ አይደለም። መራጩ ክርክሩን ሳይሰማ አስቀድሞ ከወሰነ ምክር ቤት መሰብሰቡ ለምን ያስፈልጋል? የተቃራኒውን ወገን ማስረጃ ሰምቶ ሐሳቡን መቀየር የማይችል ሰው ተወያየ አይባልም።

የጀርመን መሠረታዊ ሕግ አንቀጽ 38ም የምክር ቤት አባላት የመላው ሕዝብ ተወካዮች ናቸው፣ በትእዛዝ አይታሰሩም፣ ተገዢነታቸው ለህሊናቸው ነው ይላል። የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 54 ደግሞ ተገዢነታቸውን ለሕገ መንግሥቱ፣ ለሕዝቡና ለህሊናቸው ያደርገዋል። ፓርቲ እዚያ ውስጥ አልተጠቀሰም።

መራጯ፦
በርክን ካነሳህ መጨረሻውንም ንገረን እንጂ። በአየርላንድ ንግድ ላይ የነበረው ገደብ እንዲላላ ደገፈ፣ የካቶሊኮች መብት እንዲሰፋ ደገፈ፤ የብሪስቶል ሰዎች ተቀየሙት። በ1780 ድጋፍ እንደሌለው ሲያይ እዚያ መወዳደሩን ተወ። መራጩ መልሱን ሰጠው ማለት ነው።

የሕግ ሰው፦
አዎ፣ እኔም የምፈልገው እንዲህ እንዲሆን ነው። እሱ ያመነበትን ወሰነ፣ ምክንያቱን ፊት ለፊት ተናገረ። መራጮቹ ደግሞ ምርጫ ሲደርስ ፈረዱ። መራጩ አባሉን የሚቆጣጠረው እያንዳንዱን ድምፅ በማዘዝ ሳይሆን በሥራው በመፍረድ ነው።

የፓርቲ ሰው፦
ሁለታችሁም አንድ ነገር ዘለላችሁ። አብዛኛው መራጭ የሚመርጠው ግለሰቡን ነው ወይስ ፓርቲውን? እውነቱን እንነጋገር። የብዙ ሰው እጅ ምርጫ ወረቀቱ ላይ የሚሄደው ወደ ፓርቲው ምልክት ነው። ፓርቲው ታክስ እቀንሳለሁ፣ ትምህርት ቤት እሠራለሁ ብሎ ተወዳድሯል። ካሸነፈ በኋላ እያንዳንዱ አባል በየራሱ ህሊና ከተበተነ ለዚያ ቃል ማን ይጠየቃል? የፓርቲ ዲሲፕሊን ብዙ ጊዜ በክፉ ይነሳል። ግን ያለ እሱ በጀት አይጸድቅም፣ መንግሥትም አይጸናም።

ሕንድን ተመልከቱ። በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ የምክር ቤት አባላት ለሹመትና ለገንዘብ ሲሉ ከፓርቲ ፓርቲ ይዘሉ ነበር፤ የክልል መንግሥታት በዚህ ይወድቁ ነበር። በዚህ የተነሳ በ1985 ሕገ መንግሥቱ ተሻሻለ። ከፓርቲው መመሪያ ውጪ ድምፅ የሰጠ አባል፣ ፓርቲው በ15 ቀን ውስጥ ካላለፈው፣ ወንበሩን ሊያጣ ይችላል። «ህሊና» የሚለው ቃል ለጉቦ መሸፈኛ ሲሆን ስላዩ ነው ያንን ያደረጉት።

የሕግ ሰው፦
ችግሩ እውነት ነበር። መድኃኒቱ ግን ሌላ በሽታ አመጣ። የተገዛውን ሰውና ያመነበትን ሰው አንድ ላይ ቀጣ። ረቂቁ እምነት የሚጣልበት ይሁን አይሁን አባሉ መመርመሩ ዋጋ አጣ፤ መልሱ ከፓርቲው ተጠሪ ተልኮለታላ። እንደዚያ ከሆነ የፓርቲ መሪዎች ብቻ ተሰብስበው፣ በወንበራቸው ብዛት ድምፅ ቆጥረው ቢበተኑ ምን ይጎድላል?

አባል ፓርቲውን እምቢ ሲል መንግሥት ይፈርሳል የሚለውም ሁልጊዜ አይሠራም። በነሐሴ 2013 የብሪታንያ መንግሥት በሶሪያ ላይ ለሚወሰድ ወታደራዊ እርምጃ መንገድ የሚከፍት ሐሳብ አቀረበ። 285 ለ272 ተሸነፈ። ከገዢው ወግ አጥባቂ ፓርቲ 30 ያህል አባላት ከተቃዋሚ ጋር ድምፅ ሰጥተው ነው። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ውሳኔውን ተቀበሉ፣ መንግሥታቸውም ቀጠለ። ጦርነት ውስጥ መግባትን ያህል ነገር በፓርቲ ትእዛዝ ብቻ መወሰን ነበረበት ትለኛለህ?

የፓርቲ ሰው፦
በጦርነት ላይ አልልህም። በበጀት ላይ ግን እላለሁ።

የኮሚቴ ባለሙያ፦
እስካሁን ዝም ብዬ ሳነብ ነበር። ለአንድ ምክር ቤት ቋሚ ኮሚቴ ባለሙያ ሆኜ ሠርቻለሁ። ይቅርታ አድርጉልኝና፣ ሁላችሁም የምትከራከሩት ስለ መጨረሻዋ ደቂቃ ነው። እጅ የሚወጣው ሥራው ካለቀ በኋላ ነው። እኔን የሚያንገበግበኝ ከዚያ በፊት ሳይሠራ የሚቀረው ነው። አርብ ከሰዓት የገባ ወፍራም ረቂቅ ሰኞ ጠዋት ሲጸድቅ አይቻለሁ። የእነዚያ አባላት ድምፅ የመራጩም፣ የፓርቲውም፣ የህሊናቸውም አልነበረም። ያላነበበ ሰው ስለ ምን ህሊናው ይናገራል?

የምክር ቤት አባል ሕግ ያወጣል፣ አዎ። ግን በአብዛኛው ዓለም ረቂቁን የሚያመጣው አስፈጻሚው ነው። የአባሉ ትልቁ ሥራ መጠየቅ ነው። ይህ ገንዘብ የት ይሄዳል? ባለፈው ዓመት የተፈቀደው ምን ሠራ? ይህ አንቀጽ ማንን ይጎዳል? እነዚህ ጥያቄዎች የሚጠየቁት በካሜራ ፊት ሳይሆን በቋሚ ኮሚቴ ነው። ባዶ ወንበር የሚበዛውም እዚያው ነው።

የብሪታንያ ፓርላማ የመንግሥት ሒሳብ ኮሚቴውን ያቋቋመው በ1861 ነው። የኦዲት ሪፖርት ይዞ ባለሥልጣናትን ያፋጥጣል። ሰብሳቢው በልማድ ከተቃዋሚ ፓርቲ ይሆናል። ይህቺ ልማድ ብዙ ነገር ትናገራለች። የራሱን ሚኒስትር ጓዳ ለመፈተሽ የሚጨክን ሰው ጥቂት ስለሆነ፣ ፍተሻውን ለሌላው ሰጡት።

ሌላው እውቀት ነው። የአሜሪካ ኮንግረስ ለበጀት ቁጥሮች የፕሬዚዳንቱን መሥሪያ ቤት ሲጠብቅ ኖሮ፣ በ1974 የራሱን የበጀት ጽሕፈት ቤት አቋቋመ። ከዚያ ወዲህ መንግሥት «ይህ ሕግ ይህን ያህል ያስወጣል» ሲል ምክር ቤቱ ቁጥሩን በራሱ ባለሙያ ማመሳከር ይችላል። የራሱ ባለሙያ የሌለው ምክር ቤት የተነገረውን ይደግማል፤ አባሉ ደፋር ቢሆንም እንኳ የሚይዘው ነገር የለውም።

ካልጠየቁስ ምን ይመጣል? ደቡብ አፍሪካ ጥሩ ማሳያ ናት። በፕሬዚዳንት ዙማ የግል መኖሪያ፣ ንካንድላ፣ በሕዝብ ገንዘብ የመዋኛ ገንዳ፣ የከብት በረትና የዶሮ ቤት ሳይቀር ተሠራ። የመንግሥትን አሠራር የምትመረምረው ገለልተኛ ባለሥልጣን፣ የሕዝብ ጠባቂዋ፣ ከጸጥታ ጋር ላልተያያዘው ወጪ ድርሻቸውን ይክፈሉ ብላ በ2014 ወሰነች። ብሔራዊ ምክር ቤቱ ግን በአብላጫ ድምፅ ከክፍያ ነጻ አደረጋቸው። በመጋቢት 2016 የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ ፕሬዚዳንቱ ብቻ ሳይሆኑ ምክር ቤቱም ግዴታውን ጥሷል አለ። ፕሬዚዳንቱም በኋላ 7.8 ሚሊዮን ራንድ ከፈሉ። አስቡት፤ የቁጥጥር ሥራ አባሉ ሲመቸው የሚሠራው ውለታ አይደለም። ሲተወው ሕገ መንግሥት ይጣሳል።

ተማሪው፦
በጣም አመሰግናለሁ። አንድ ጥያቄ ልጨምር። ብዙ ሰው አባሉን የሚመዝነው መንገድና ውኃ አመጣ አላመጣ በሚል ነው። ይህ ሥራው ነው?

የሕግ ሰው፦
አይደለም። የሚያሠራው አስፈጻሚው ነው፤ አባሉ ይቆጣጠራል። ሁለቱን አንድ ሰው ከያዘ ተቆጣጣሪም ተቆጣጣሪ አይሆንም። ኬንያ በ2003 ለየምርጫ ክልሉ የልማት ፈንድ አቋቁማ አባላቱ በገንዘቡ አሠራር ላይ ትልቅ እጅ ነበራቸው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2022 የፈንዱን የ2013 ሕግ ከሕገ መንግሥት ጋር ይጋጫል ብሎ ሻረው። ከምክንያቶቹ አንዱ የሥልጣን ክፍፍል ነበር።

መራጯ፦
በወረቀት ላይ ልክ ነህ። ግን ውኃ ለሌለው ሰው «ይህ የአስፈጻሚው ነው» ማለት አይጠቅመውም። አባሉ ቧንቧ ይቅበር አላልንም። የመሥሪያ ቤቱን ኃላፊ ጠርቶ «ለምን ዘገየ?» ብሎ ይጠይቅልን። ባለሙያው መጠየቅ ነው ሥራው ያለው ይህንን ከሆነ፣ እኔም አብሬው ነኝ።

የኮሚቴ ባለሙያ፦
እሱን ነው ያልኩት እህቴ። ችግርሽን ይዞ ካልገባ የሚጠይቀውም አይኖረውም።

አወያይ፦
ወደ ውክልና ማንሳት እንለፍ። ምርጫ እስኪደርስ አራት አምስት ዓመት መጠበቅ ይበቃል?

መራጯ፦
አይበቃም። አመኔታ ያጣ አባል ወዲያው ይውረድ።

የሕግ ሰው፦
የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥትም አባሉ የመራጩን አመኔታ ሲያጣ፣ በሕግ መሠረት ከአባልነት ይወገዳል ይላል። ብሪታንያ በ2015 ያወጣችው ሕግ ግን ጠባብ ነው። አባሉ እስር ሲፈረድበት፣ ከምክር ቤቱ ለረዘም ያለ ጊዜ ሲታገድ ወይም በወጪ ማወራረድ ማጭበርበር ሲቀጣ ብቻ ነው በሩ የሚከፈተው። ከዚያ ከተመዘገቡት መራጮች 10 በመቶ በስድስት ሳምንት ውስጥ ከፈረሙ ወንበሩ ይለቀቃል። በድምፁ ስላልተስማሙበት ብቻ ማውረድ የለም። እኔ ይህን እመርጣለሁ። አለዚያ ገንዘብ ያለው ወገን ፊርማ እያሰባሰበ አስቸጋሪ አባል የሆነውን ሁሉ ያባርራል።

መራጯ፦
ለጥፋት ይሁን። ለድምፁ ግን ቢያንስ ልየው። ብዙ ቦታ «በአብላጫ ድምፅ ጸደቀ» ተብሎ ያልፋል። ማን ደገፈ፣ ማን ተቃወመ፣ ማን ተዓቅቦ አደረገ የሚለው በስም ይውጣ። የሕግ ሰው ምርጫ ሲደርስ ፍረዱ ብለሃል። ያላየሁትን በምን ልፍረድ?

የሕግ ሰው፦
በአብዛኛው እስማማለሁ። አንድ ነገር ብቻ ይከብደኛል። በ2017 ደቡብ አፍሪካ ውስጥ ፕሬዚዳንቱ አመኔታ አጥተዋል ተብሎ ከሥልጣን እንዲወርዱ ድምፅ ሲጠየቅ፣ ፍርድ ቤቱ አፈ ጉባኤዋ በምስጢር እንዲሰጥ መፍቀድ ትችላለች አለ። ፈቀደች። ሐሳቡ 198 ለ177 ወደቀ፤ ግን ከገዢው ፓርቲ ከሃያ የሚበልጡ አባላት ከመሪያቸው ውጪ ድምፅ ሳይሰጡ አልቀሩም። በግልጽ ቢሆን ኖሮ ስንቱ ይደፍር ነበር?

የፓርቲ ሰው፦
እዚያ አገር ያኔ አባላቱ የሚመረጡት በፓርቲ ዝርዝር እንደነበር አትርሳ። ከፓርቲው የተባረረ ወንበሩን ያጣል። በዝርዝር ለገባ ሰው መራጩ ማን ነው? ፓርቲው ነው። ሂሳብ ኮሚቴውን ተቃዋሚ ይምራ፣ የኦዲት ሪፖርት በይፋ ይጠየቅበት፣ በዚህ እስማማለሁ። ወንበሩ የግለሰቡ ነው በሚለው ግን አልስማማም።

መራጯ፦
እኔ ደግሞ በምስጢሩ አልስማማም። አባሉ የሚፈራው ወንበሩን ማጣት ከሆነ፣ ሕጉ ላመነበት ድምፅ ከወንበሩ እንዳይነሳ ይጠብቀው። ፓርቲው እንዳይቀጣው ተብሎ ከእኔ መደበቅ የለበትም።