በረዶ አገር ደን ይበቅላል፣ እኛ ጋ ዛፍ ለምን እምቢ አለ?

የጉጉፍቱ ልጅ
ሰላም ወገን። አንድ ነገር ግራ ገብቶኛል። ሰሞኑን ስለ ታይጋ ሳነብ ነበር፣ ከስካንዲኔቪያ በሩሲያ አድርጎ አላስካና ካናዳ ድረስ የሚሄደው የሰሜን ደን። በብርዱ ወራት ከዜሮ በታች 40 እና 50 ዲግሪ ይወርዳል፣ ዛፉ ግን ጥቅጥቅ ብሎ ቆሟል። እኛ ጋ፣ ወሎ ደጋ ላይ፣ ቢከፋ ከዜሮ በታች ጥቂት ነው። ኅዳር ላይ ጠዋት ስትነሳ ጀሪካኑ አፍ ላይ ስስ በረዶ አለ፣ ባቄላው አመዳይ መቶት የፈላ ውሃ የተደፋበት መስሎ ጠቁሮ ተኝቷል። አባቴ ከቤት ጀርባ ሦስት ጊዜ የፈረንጅ ጥድ ተክሎ ሦስቴም ደረቀበት። እኛ ጋ ምን ጎድሎ ነው?

ቅጠል መርማሪ
ዛፍን የሚጎዳው የብርዱ መጠን ብቻ አይደለም፣ የሚመጣበት ጊዜም ነው። ታይጋ ውስጥ ብርዱ ቀጠሮ አለው። ቀኑ ማጠር ሲጀምር ዛፉ እድገቱን ያቆማል፣ ከሴሎቹ ውሃ ያስወጣል፣ ስኳር ያጠራቅማል፣ ከዚያ ይተኛል። ያ ሁሉ ብርድ ሲመጣ ዛፉ ተኝቷል። ሲሞቅ ደግሞ ፀሐይ በቀን 18 ሰዓትና ከዚያ በላይ የምትቆይባቸው ወራት አሉ፣ የዓመቱን እድገት በሦስት ወር ገደማ ይጨርሳል። እኛ ደጋ ላይ ቀን ፀሐይ ይጠብሰዋል፣ ሌሊት አመዳይ ይመታዋል። መቼ ይተኛ? ወሎ ላይ ረጅሙና አጭሩ ቀን የሚለያዩት በአንድ ሰዓት ከሩብ ገደማ ነው፣ ተዘጋጅ የሚለው ምልክት የለውም።

ሌላው ቁመቱ ነው። የጓሳ ሣሩ መሬት ተጠግቶ ቀን የሞቀውን ይሞቃል፣ የዛፍ ጫፍ ግን ነፋስ ላይ ነው። የማደጊያው ወቅት አማካይ ሙቀት ወደ 6 ዲግሪ ሲወርድ የዓለም ተራሮች ላይ ዛፍ እየጠፋ ይሄዳል።

የፈረንጅ ጥድ ደግሞ አገሩ ሜክሲኮና መካከለኛው አሜሪካ ነው። የታይጋ ዛፍ አይደለም፣ አባትህ አይፍረዱበት።

ደሴ በካናዳ
አብሽር ወንድሜ፣ እኔ ያለሁት እዚያው ደን ውስጥ ነው፣ ሰሜን ኦንታሪዮ። ዛፉ ሾጣጣ ነው፣ ቅርንጫፉ ወደ ታች ስላዘነበለ በረዶው ሲከብድ ተንሸራቶ ይወርዳል። ቅጠሉ መርፌ ነው፣ ሰም የተቀባ። ላርች የሚሉት ግን እንደ ጥድ ሆኖ ሳለ ቅጠሉን ቢጫ አድርጎ ያረግፋል፣ መጀመሪያ ሳየው የደረቀ መስሎኝ አዝኜ ነበር። ጃክ ፓይን የሚባለው ደግሞ ፍሬው በሙጫ ታሽጓል። አንዱን አንስቼ በጥፍሬ ልከፍተው ታግዬ አቃተኝ፣ የሚከፍተው ሰደድ እሳት ነው። ሙጫው ሲቀልጥ ዘሩ አመድ ላይ ይበተናል፣ ከዚያ አዲስ ደን።

እንስሳውም ጉድ ነው። ሙስ የሚሉት አጋዘን ፈረስ ያክላል። ጥንቸሏ በበረዶው ጊዜ ነጭ ትሆናለች። አንዲት እንቁራሪት አለች፣ ልቧ ቆሞ በረዶ ሆና ትከርምና ሲሞቅ ተነስታ ትዘላለች፣ አላህ ሲፈጥር!

የሳይንቷ
ሁሉን በብርድ አታሳቡት። እዚሁ ወሎ፣ ቦረና ሳይንት፣ ደንቆሮ የሚባለው ጫካ ሂዱና እዩ። አስታው አለ፣ ከላይ ጅብራ የሚባለው ረጅሙ የደጋ ተክል፣ ቀይ ቀበሮውም ጭላዳውም እዚያው ነው። አስታ ብርዱን የሚችል የራሳችን ዛፍ ነው። ከብዙ ቦታ የጠፋው ለማገዶ ተቆርጦ፣ መሬቱም ታርሶና ግጦሽ ሆኖ ነው። ይሄ ያንገበግበኛል።

የጉጉፍቱ ልጅ
አላህ ይስጣችሁ፣ ለአባቴ አነበብኩለት። የአስታ ችግኝ የት ይገኛል?

የሳይንቷ
ችግኝ ከመፈለግህ በፊት ጉቶ ፈልግ። አስታ ተቆርጦም ከሥሩ ያቆጠቁጣል፣ ከብት እንዳይደርስበት ብቻ አድርግ።

የጉጉፍቱ ልጅ
ከቤታችን በላይ ገደሉ ላይ አራት ጉቶ አለ። በየዓመቱ ያቆጠቁጣል፣ በጎቹ ይግጡታል። ቅዳሜ ከአባቴ ጋር እሾህ እናጥርበታለን።