ከጅቡቲ የመጣው ነጭ ኮራል «ዓምድ ኮራል» ነው?

የሳቢያን መምህር፦
ሰላም የድሬ ልጆች። የሳይንስ ክበባችን ስለ ዓምድ ኮራል (ዴንድሮጂራ ሲሊንድረስ) ዐውደ ርዕይ እያዘጋጀ ነው። አንድ ወላጅ ከጅቡቲ የመጣ ነጭ ኮራል ሰጥተውናል፤ አንድ ስንዝር ያህል ነው፣ ቅርንጫፍ አለው፣ ትንሽ ይሸታል። ሻጩ «ዓምድ ኮራል ነው» ብሏቸዋል። እውነት ነው? ሳይበላሽስ እንዴት ይጸዳል?

ድንጋይ አንባቢ፦
አቦ፣ በዚያ ስም እንዳትለጥፉት! ዓምድ ኮራል የካሪቢያን ባሕር፣ የፍሎሪዳና የባሃማስ ነው፤ በጅቡቲው የታጁራ ባሕረ ሰላጤ የለም። መልኩም አይመስልም። ዓምዱ ወፍራም ነው፣ እንደ ጣት ቀጥ ብሎ ይቆማል፣ እስከ 3 ሜትር ይደርሳል፤ አጽሙ ላይ እንደ አንጎል የተጠማዘዙ ሸለቆዎች አሉት።

የእናንተን 10 እጥፍ በሚያጎላ መነጽር እዩት። በየቅርንጫፉ ጫፍ ላይ አንድ ጎላ ያለ ቀዳዳ ካለና ጎኑ በትንንሽ ቱቦዎች ከተሞላ አክሮፖራ የሚባለው የኮራል ወገን ነው። የጫፍ ቀዳዳ ከሌለውና ኪንታሮት በሚመስሉ ጉብታዎች ከተሸፈነ ፖሲሎፖራ የሚባለው ሌላው ወገን ነው። ከዚህ አልፎ የአክሮፖራን ዝርያ ከአንድ ቁራጭ መለየት ለባለሙያም ከባድ ስለሆነ፣ የወገኑን ስም ጽፋችሁ ብታቆሙ ይሻላል።

በጄሶ የተሠራ እንዳይሆን ከሥሩ ትንሽ ፍቃችሁ ዱቄቱ ላይ አቼቶ ጠብ አድርጉ። ኮራል አረፋ ያወጣል፣ ጄሶ ዝም ይላል። እብነ በረድም አረፋ ስለሚያወጣ ግን ያለ መነጽሩ ይህ ብቻውን አይበቃም።

ገንደ ቆሬ፦
ኮራል የባሕር እንስሳ ነው፤ ሽታው በአጽሙ ቀዳዳዎች ውስጥ የቀረ ሥጋው ነው። መጀመሪያ ሁለት ቀን ንጹሕ ውሃ ውስጥ ይዘፈዘፍ፣ ውሃው በየቀኑ ይቀየር። ከዚያ 1 እጅ በረኪና በ10 እጅ ውሃ በጥብጣችሁ፣ በፕላስቲክ ባልዲ (ብረት ዝገቱን ይተዋል) ለ24 ሰዓት ተዉት። ጓንት ይደረግ፣ ሥራው ደጅ ይሁን። ከዚያም የበረኪናው ሽታ እስኪጠፋ ድረስ ሦስት አራት ቀን ውሃ እየቀየራችሁ ዘፍዝፉት።

ሁለት ነገር ተጠንቀቁ። አቼቶ ወይም ሎሚ ለማጽጃ አይሆንም፤ የኮራል አጽም ካልሲየም ካርቦኔት ስለሆነ አሲድ ይበላዋል፣ መጀመሪያ የሚጠፉት ደግሞ ለመለያ የሚያስፈልጉት ቀጫጭን ግድግዳዎች ናቸው። በረኪና ከአሲድ ጋር ከተደባለቀማ መርዛማ የክሎሪን ጋዝ ያወጣል።

የድሬ ውሃ ኖራው ብዙ ነው፣ ሲደርቅ ቀዳዳዎቹ ላይ ነጭ ቅርፊት ይተዋል። የመጨረሻውን እጥበት በዝናብ ውሃ ወይም በተጣራ የባትሪ ውሃ አድርጉት። ውሃውን ነው የምላችሁ፣ የባትሪ አሲዱን አይደለም!

የሳቢያን መምህር፦
እግዜር ይስጥልኝ። ተማሪዎቹ «ነጭ የሆነው በሙቀት ነጥቶ ነው» ይላሉ። ልክ ናቸው?

ባሕር ወዳድ፦
አይደለም፣ ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታል። በሙቀት የነጣ ኮራል በሕይወት ያለ ነው፤ ሥጋው ውስጥ የሚኖሩትንና የሚመግቡትን አልጌዎች አስወጥቶ፣ አጽሙ በጠራው ሥጋ በኩል ይታያል። ሙቀቱ ቶሎ ከበረደ ሊያገግም ይችላል። የእናንተው ሥጋ የሌለው ባዶ አጽም ነው። በሕይወት ያለ ዓምድ ኮራል ቡናማ ነው፣ ፖሊፖቹ (ኮራሉን የሚሠሩት ትንንሽ እንስሳት) በቀንም ስለሚወጡ ፀጉር የለበሰ ይመስላል።

ዓምድ ኮራልን ዋናው የጎዳው በሽታ ነው። እ.ኤ.አ. በ2014 ማያሚ አካባቢ የታየ፣ የድንጋይ ኮራሎችን ሥጋ ከአጽሙ የሚያላቅቅ በሽታ አለ። ጠላቂዎች አሞክሲሲሊን የተቀላቀለበት ቅባት በቁስሉ ዳር ይቀባሉ፤ ያንን ቁስል ያቆማል፣ ዳግመኛ መያዝን ግን አይከላከልም። ሌላው ችግር ጾታው ነው፦ አንዱ ኮራል ወንድ፣ ሌላው ሴት ነው፤ ዘራቸውን ውሃ ውስጥ ስለሚለቁ ተራርቀው ከቀሩ አይገናኝም። እ.ኤ.አ. በ2022 «በእጅጉ ለመጥፋት የተቃረበ» ተብሎ በቀይ መዝገብ (ለመጥፋት የተቃረቡ ዝርያዎች ዓለም አቀፍ ዝርዝር) ሰፍሯል።

ሌላ እንዳትገዙ አደራ። የድንጋይ ኮራሎች ሁሉ በሳይተስ (የዱር እንስሳትና ዕፅዋትን ዓለም አቀፍ ንግድ የሚቆጣጠር) ስምምነት 2ኛ አባሪ ውስጥ ናቸው፤ ድንበር ሲሻገሩ የላኪው አገር ፈቃድ ያስፈልጋቸዋል፣ ኢትዮጵያም ከ1989 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አባል ናት። ስላላችሁት ቁራጭ የዱር እንስሳት ጥበቃ ባለሥልጣንን ጠይቁ። ዓምዱን በጄሶ ሥሩት፤ ሸለቆዎቹ ጄሶው ሳይደርቅ በስፒል ጫፍ ይወጣሉ። ከጎኑ እውነተኛውን ቁራጭ አድርጋችሁ በመነጽር ባገኛችሁት መሠረት «አክሮፖራ (ወይም ፖሲሎፖራ)፣ ከጅቡቲ፣ ለንጽጽር» ብላችሁ ጻፉበት።